አራሚዋና «ምጪ»

እታለማሁ የተሳሳተ ፊደል ስታይ ቀኝ እጇን ይበላታል። ዐመሉን ከአዲስ አበባ ይዛው ነው የመጣችው። እዚያ ዐሥራ ሰባት ዓመት በአንድ ማተሚያ ቤት አራሚ ነበረች። ረቂቁን በግራ፣ የታተመውን በቀኝ ታስቀምጣለች፤ ቃል በቃል ታመሳክራለች፤ የተሳሳተውን በቀይ ትሰርዛለች፤ ትክክለኛውን ከዳር ትጽፋለች። አንድ ጊዜ በአንድ ትልቅ ስብሰባ መጥሪያ ላይ «የተከበሩ እንግዶች» የሚለው «የተከበቡ እንግዶች» ሆኖ ሊታተም ሲል የደረሰችበት እሷ ናት። አለቃዋ ደስ ብሎት ከሰዓት በኋላ ዕረፍት ሰጣት። እሷ ግን ቤቷ ገብታ «ሌላስ ምን አልፎኝ ይሆን?» እያለች ስትገላበጥ ዋለች።

ይኸው አለቃዋ አንድ አባባል ነበረው፦ «ስሕተት ከሰማይ አይወርድም፤ እናትና አባት አለው።» ፊደል ለቃሚው ጎን ለጎን ካሉት ሣጥኖች የአንዱን ፊደል በሌላው ቦታ ይዶለዋል፤ ደራሲው ሲቸኩል መስመር ይዘላል፤ አራሚው ሲያንቀላፋ ሁለቱንም ያሳልፋል። ስሕተቱን መሰረዝ ግማሽ ሥራ ነው፤ ከየት እንደመጣ ማወቅ ሌላው ግማሽ። አራሚ ራሱ የተሳሳተ እንደሆነ ደግሞ፣ ትክክለኛውን ቃል ያለ አግባብ ሰርዞት እንደሆነ፣ ከሥሩ ነጠብጣብ ያደርግና ከዳር «ይቆይ» ብሎ ይጽፋል። እታለማሁ በዐሥራ ሰባት ዓመት ውስጥ «ይቆይ» ብላ የጻፈችው ከእጅ ጣት አይበልጥም። በዚህም ትኮራ ነበር።

በፈረንጆቹ 1999፣ አሜሪካ ውስጥ ዋሽንግተን አጠገብ አሌክሳንድሪያ የሚኖረው ታናሽ ወንድሟ ዓብዩ አስመጣትና እሱ በጥገና ሠራተኝነት የሚሠራበት ሆቴል ልብስ ማጠቢያ ክፍል አስገባት። እንግሊዝኛ ማንበብ ድሮም አላስቸገራትም። መናገሩ ነው ያቃታት። ሰው ሲያወራ ትሰማለች፣ ይገባታል፣ መልሱም ጭንቅላቷ ውስጥ ተሰልፎ ይቆማል፤ በሩ ላይ ሲደርስ ግን ቃላቱ ይጋፋሉ፣ አንዱ ሌላውን ሲጥል፣ ሰዓቱ ያልፋል። ሰባት ወር ሙሉ «ኦኬ» ብቻ ብላ ሠራች። አብረዋት የሚሠሩት ሴቶች መስማት የተሳናት መስሏቸው በእጃቸው ያስረዷት ጀመር። አንድ ቀን ኃላፊዋ ግድግዳው ላይ ማስታወቂያ ለጠፈች። እታለማሁ አነበበችውና እጇን በላት። ዞር ብላ፣ ጥርት ባለ እንግሊዝኛ፣ «‹ላውንድሪ› ላይ አንድ ፊደል ጎድሏል» አለች። በአሜሪካ ምድር የተናገረችው የመጀመሪያ ሙሉ ዐረፍተ ነገር ይህ ነው። ሴቶቹ የያዙትን አንሶላ ጣሉ።

በ2003 ኮርሱን ወሰደች፣ ፈቃዱን አወጣች፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ውስጥ የአንድ ቤት ምድር ቤት ተከራይታ የሕፃናት መዋያ ከፈተች። ስድስት ልጅ ትይዛለች። ልጆቹ «እቴቴ» ይሏታል። ቀይ እስክሪብቶዋ ግን ከቦርሳዋ አልወጣም። አንድ ቅዳሜ ከወልደአምላክ ሥጋ ቤት ገብታ ዋጋው የተጻፈበትን ሰሌዳ ቆማ ስታይ ቆየችና፣ «ይህ ‹ስጋ› በንጉሡ ‹ሠ› ነው የሚጻፈው» አለችው።

«እትዬ፣» አለ ወልደአምላክ ቢላውን እየሳለ፣ «የሚበላው ሥጋው ነው እንጂ ፊደሉ አይደለም እኮ!»

«ፊደሉ የተበላሸበት ቤት ሥጋው በምን ይታመናል?»

በሚቀጥለው ቅዳሜ ሰሌዳው ተለውጦ አገኘችው።

የልጆቹንም ስሕተት የምትመዘግብበት ደብተር ነበራት። ለሣቅ ብላ ነው የጀመረችው። አንዷ እርጥብ ቀን ላይ «እቴቴ፣ ዝናቡን አጥፊው» ትላለች። ሌላው «ስሊፕ አላደርግም» ብሎ ያለቅሳል። ማታ ለዓብዩ በስልክ ታነብለትና ይሥቃሉ። መጻፍ ብቻ ግን አይሆንላትም፤ እያንዳንዷን በቀይ ትሰርዝና ትክክሉን ከዳር ታሰፍራለች። «ሕፃን እንኳ አትምሪም!» ይላታል ዓብዩ።

ሶሊ ወደዚህ ቤት የመጣችው ሁለት ዓመቷን እንደያዘች ነበር። እናቷ ሃኒ የጥርስ ሐኪም ረዳት ናት፤ አባቷ ያሬድ አሌክሳንድሪያ አንድ ሆቴል ውስጥ ይሠራል። ሶሊ ዝምተኛ ናት። ስታለቅስ እንኳ ድምፅዋን ቆጥባ ነው። ነገሩን ሁሉ ግን እንደ ፋብሪካ ተቆጣጣሪ ታየዋለች። በ2008 መስከረም ላይ ሦስት ዓመት ሊሞላት ሁለት ወር ሲቀራት፣ በእታለማሁ ደብተር የተመዘገቡላት ቃላት ስድስት ብቻ ነበሩ፦ «እምቢ»፣ «አምጪ»፣ «ውጪ»፣ «ንኪ»፣ «ዋ»፣ እና «ኖ»።

እታለማሁ አላሳሰባትም። ልጅቷ እንደሚገባት ታውቃለች። አንድ ቀን ሆን ብላ፣ «ሶሊዬ፣ ከሶፋው ሥር ያለውን ካልሲ አምጪና ለእኔ ሳይሆን ለሲላስ ስጪው፤ ግን መጀመሪያ አራግፊው» አለቻት። ሶሊ ሶፋው ሥር ገባች፤ ካልሲውን አወጣች፤ ሁለቴ አራገፈች፤ የአራት ዓመቱን ሲላስን ፈልጋ ጉልበቱ ላይ አስቀመጠችለት። ከዚያም «ሌላ ፈተና አለ?» የምትል ይመስል ዞራ አየቻት። እታለማሁ ልብስ ማጠቢያው ክፍል ውስጥ ያሳለፈችው ሰባት ወር ትዝ አላት። ሰልፉ ውስጥ ነው ያለው፤ በሩ ነው ያልተከፈተው።

የልጆች ሐኪሙ ግን አሳሰበው። በዚህ ዕድሜ ልጅ ሁለት ሦስት ቃል ማያያዝ እንዳለበት ተናገረ፤ የአካባቢው አስተዳደር፣ ካውንቲው፣ የንግግር ባለሙያ እንዲልክ ጻፈ፤ እስከዚያው ቤት ውስጥ አንድ ቋንቋ ብቻ፣ ማለትም እንግሊዝኛ፣ እንዲነገር መከረ። ሃኒና ያሬድም ተስማሙ። ባለሙያዋ ጥቅምት አጋማሽ ላይ ትመጣለች። እሷም እንደ ሐኪሙ ካለች፣ ሶሊ ከኅዳር ጀምሮ ያሬድ ከሚሠራበት አጠገብ ወዳለው፣ እንግሊዝኛ ብቻ ወደሚነገርበት መዋያ ትዛወራለች። ያሬድ ቦታ አስይዞ ነበር።

እታለማሁን ያስጨነቃት ከስድስት ልጅ አንዷ መጉደሏ አይደለም። ለዚያ ተራ የሚጠብቁ ነበሩ። ያስጨነቃት ሃኒ ናት። ሃኒ በአማርኛ ስታወራ ወንዝ ናት። በር ላይ ቆማ የባሱን፣ የታካሚውን፣ የአማቷን ነገር ስታወርድ ሕፃናቱ እንኳ ጨዋታቸውን ትተው ያዳምጧታል። ሐኪሙ ከተናገረ ወዲህ ግን ከልጇ ጋር የምታወራው በሥራ ቦታዋ እንግሊዝኛ ሆነ፤ ያ ደግሞ ለታካሚ እንጂ ለልጅ የሚሆን አልነበረም። «ካም ሂር።» «ሲት።» «ኦፕን።» «ኖ።» ወንዙ ደርቆ የመንገድ ምልክት ሆነ።

«ሃኒዬ፣» አለቻት አንድ ቀን፣ «ልጅቷን እንደ ትራፊክ ፖሊስ እኮ ነው የምታናግሪያት።»

«ምን ላድርግ እትዬ? ዶክተሩ ኮንፊዩዝ ታደርጓታላችሁ አለን።»

«ኮንፊዩዝ የሆንሽስ አንቺ ነሽ። እሷ ደኅና ናት።»

ሃኒ ሣቀች፤ ወዲያው ግን ዐይኗ እንባ አቀረረ። «እርስዎ ስለሚወዷት ነው እንደዚህ የሚሉት። ትምህርት ቤት ስትገባ ቢሥቁባትስ?»

ማክሰኞ ቀን ነው ነገሩ የሆነው። ከሰዓት በኋላ፣ በአገሩ አቈጣጠር ከአምስት ሰዓት ትንሽ አለፍ ሲል፣ ሃኒን የሚያመጣው ባስ ከቤቱ ፊት ለፊት ይቆማል። ልጆቹ በዚያ ሰዓት መስኮቱ ላይ ይደረደራሉ። ባሱ ከኩርባው ብቅ ሲል ሁሉም በአንድ ላይ «ባሷ መጣች!» ይላሉ። ለእነሱ ባሷ ሴት ናት፤ እናት ስለምታመጣ ይሆናል። ሶሊ እንደ ወትሮዋ አፍንጫዋን መስታወቱ ላይ ለጥፋ ዝም ብላለች። ያን ቀን ባሱን ቀይ መብራት ያዘው። ሲላስ ሰልችቶት ሄደ። ሶሊ ግን ቀኝ እጇን አነሣች፣ ጣቶቿን ወደ ራሷ ሰበሰበችና፣ «ምጪ!» አለች።

መብራቱ አረንጓዴ ሆነ፤ ባሱም መጣ። ሶሊ ባሱን ያመጣችው እሷ እንደሆነች ሁሉ ራሷን ነቀነቀች።

እታለማሁ ሮጣ ደብተሯን አነሣች። «ምጪ» ብላ ጻፈች። ከዚያም እጇ ለዐሥራ ሰባት ዓመት የለመደውን አደረገ፤ በቀይ ሰረዘውና ከዳር «ነይ» ብሎ ጻፈ።

ሃኒ ገና ጫማዋን ሳታወልቅ ነገረቻት። «ባሷን ጠራቻት! ‹ምጪ› አለቻት!»

የሃኒ ፊት በራ፤ ወዲያው ጠቆረ። «‹ምጪ›? እንደዚያ የሚባል ቃል አለ እንዴ?» ተንበረከከችና የልጇን ትከሻ ያዘች። «ሶሊ፣ ‹ነይ› ነው። ሰይ ‹ነይ›። ካም። ነይ።»

ሶሊ እናቷን አየቻት፤ እታለማሁን አየቻት፤ ከንፈሯን ገጥማ ጃኬቷን ፈለገች። ከዚያ በኋላ አራት ቀን «እምቢ» እንኳ አላለችም።

«አዩ?» አለች ሃኒ በር ላይ። «ሁለቱ ተደባልቆባት የሌለ ቃል እየፈጠረች ነው። ዶክተሩ ያለው ይኸን ነው።»

እሑድ እታለማሁ ለምሳ አሌክሳንድሪያ ሄደች። ዓብዩ ነገሩን ሰምቶ ጨረሰና፣ «‹አምጪ› ለማለት ነዋ!» አለ። «‹አ›ን ውጣው ይሆናል። ምሳ ሳታበያት ቀርተሽ ነው?»

«‹አምጪ›ን ከሚያዝያ ጀምሮ አጥርታ ትላለች፤ ደብተሬ ላይ አለ። ደግሞ ባሱን ምን አምጪ ትለዋለች? እጇን እያወዛወዘች እኮ ነው የጠራችው።»

«እንግዲያው ከሌላ ልጅ ሰምታ ነው። አንቺ ራስሽ ስሕተት አባት አለው ስትይ አልነበር? ፈልጊዋ አባቱን።»

እሱ ለቀልድ ነው ያለው። እታለማሁ ግን ሰኞ ጠዋት ሥራዬ ብላ ተያያዘችው። ልጆቹን ሲያደርሱ ወላጆቹን በር ላይ ጠየቀች፤ «ምጪ» ብሎ የሚናገር ሰው ቤታቸው የለም። ጎጃም ያደገችውን ጎረቤቷን ዓባይነሽን ጠየቀች፤ «በእኛም አገር ‹ነይ› ነው፣ ምን ነካሽ?» አለቻት። በመጨረሻ ሲላስን ጠራችው።

«ሲላስ፣ ‹ምጪ› የሚል ሰው ሰምተህ ታውቃለህ?»

ሲላስ እቴቴ አማርኛ የጠፋባት መሰለው። በትዕግሥት፣ ቃሉን ረገጥ አድርጎ፣ «ኢትስ ‹ነይ›፣ እቴቴ» አላት።

እንግዲህ ማንም የለም። በዋሽንግተንም ሆነ በአዲስ አበባ ለዚህች ልጅ «ምጪ» ብሎ የነገራት ሰው አልተገኘም። ታዲያ የሰማውን ነው የሚደግመው የሚባለው ልጅ ማንም ያልተናገረውን ከየት አመጣው?

ረቡዕ ዕለት ወጥ ቤቱን ስትወለውል ሶሊ በካልሲዋ ወደ እርጥቡ ወለል መጣች። «ሶሊ፣ አትምጪ! ያንሸራትታል!» ብላ ጮኸች።

ሶሊ ቆመች። እታለማሁም መወልወያውን እንደያዘች ቆመች።

«አትምጪ» አለች ለራሷ ቀስ ብላ።

ቀኑን ሙሉ ለሕፃናት የምትለውን አሰበችው። አትንኪ፤ ንኪ። አትውጪ፤ ውጪ። አትሩጪ፤ ሩጪ። አትብዪ፤ ብዪ። አትምጪ፤ ... እዚህ ላይ አማርኛ ቀጥ ብሎ ይሄድበት የነበረውን መንገድ ይተውና በሌላ በር ይወጣል፤ «ነይ» ይላል። ትልቅ ሰው እንደዚያ መሆኑን እንኳ አያስተውለውም። እሷም፣ አማርኛ ስታርም የኖረችው ሴት፣ እስከ ሃምሳ ሁለት ዓመቷ አስተውላው አታውቅም። ሶሊ ግን «አትንኪ»ንና «ንኪ»ን ጎን ለጎን አስቀምጣ፣ ልዩነታቸው «አት» እንደሆነ አይታ፣ ያንኑ መቀስ «አትምጪ» ላይ አድርጋዋለች። ፊደል አልቆጠረችም፤ ሰዋስው የሚባል ነገር መኖሩን አታውቅም። ዝም ባለችባቸው ወራት ሁሉ ሌላው የሚናገረውን ስትበትንና ስትገጣጥም ነበር የከረመችው። የተሳሳተችው ደንቡን ስላላወቀች አይደለም። ደንቡን ዐውቃ፣ ቋንቋው ራሱ ደንቡን ያፈረሰበት ቦታ ላይ ስለደረሰች ነው።

እጇን በጉርዷ አብሳ ደብተሩን አወጣች። ከተሰረዘው «ምጪ» ሥር ነጠብጣብ አደረገች። ከዳር «ይቆይ» ብላ ጻፈች።

ለሃኒ በምሳ ሰዓት ደወለችላት። ያገኘችውን ሁሉ ነገረቻት።

«እትዬ፣ የሚሉት ደስ ይላል፤ እኔ ግን ምኑንም አላውቅም። ባለሙያዋ ትወስን።»

ባለሙያዋ ሐሙስ ዕለት ሦስት ሰዓት ከሰዓት በኋላ መጣች። ሚስ ሎሬይን ትባላለች፤ ፀጉሯ ሽበት ብቻ ነው፤ ጎማ ያለው ሻንጣ ትጎትታለች። ሻንጣው ውስጥ ኳስ፣ አሻንጉሊትና የሥዕል ካርዶች አሉ። ሃኒና ያሬድ ከሥራ አስፈቅደው በሦስት ተኩሉ ባስ እንደሚደርሱ ስለተናገሩ ሥራዋን ጀመረች። ካርዶቹን አንድ በአንድ አወጣች። ውሻ። ኩባያ። ጃንጥላ። «ዋት ኢዝ ዚስ፣ ሶሊ?»

ሶሊ ካርዱን አየችው። ሚስ ሎሬይንን አየቻት። የሻንጣውን ጎማ አየች።

እታለማሁ በአማርኛ «ጃንጥላው የትኛው ነው?» ስትላት በጣቷ ነካችው። ዐሥራ አራት ካርድ ተጠይቃ አንዱንም አልሳተችም። ሚስ ሎሬይን እየጻፈች «ጥሩ፣ ጥሩ» አለች፤ ነገር ግን «የተናገረችው» በሚለው ዓምድ ላይ ያለው ባዶ ነው። ሃያ አምስት ደቂቃ አለፈ። እታለማሁ ከዓምዱ ላይ ዐይኗን መንቀል አቃታት። ባዶ ገጽ ታርሞ አያውቅም።

ከኩርባው ባሱ ብቅ አለ። ልጆቹ ወደ መስኮቱ ሮጡ፤ ሶሊም ሻንጣውን ትታ ተከተለቻቸው። ባሱ ቆመ፤ በሩ ተከፈተ፤ ሃኒ ወረደች። ይህስ የየቀኑ ነው። ያን ቀን ግን ከኋላዋ ያሬድ ወረደ። ሶሊ አባቷን ከባስ ሲወርድ አይታው አታውቅም። ሁለት እጇን አንድ ላይ አነሣች።

«ምጡ!» አለች። ከዚያ መስታወቱን መታችው። «ምጡ! ምጡ!»

እታለማሁ ከመቀመጫዋ ተነሣች።

ሚስ ሎሬይን ምን እንዳለች ጠየቀቻት። ቀላሉ መልስ አንድ ቃል ነበር፤ «ካም» ብትላት ባዶው ዓምድ ላይ አንድ ምልክት ይገባና ያልቃል። እታለማሁ ግን ያ ብቻ እንዲጻፍ አልፈለገችም። ቃላቱ እንደ ልማዳቸው ተሰልፈው በሩ ላይ ይጋፉ ጀመር። ጎትታ ያወጣችው የመጀመሪያው፦

«ዚስ ኢዝ ሚስቴክ።»

የሚስ ሎሬይን ፊት አዘነ።

«ኖ፣ ኖ! ጉድ ሚስቴክ! ቬሪ ጉድ ሚስቴክ!»

አንደበቷ እምቢ ሲላት ደብተሯን ከፈተች። «አትንኪ፣ ንኪ» ብላ ጻፈች፤ ከሥሩ «አትውጪ፣ ውጪ»፤ ከሥሩ «አትምጪ» ብላ ጎኑን ባዶ ተወችው። ባዶው ላይ «ምጪ»፣ ከዳር በቀይ «ነይ» ብላ ጻፈች። ጣቷን በየቃሉ ላይ እያሳረፈች እያነበበች፣ የትኛውን ትልቅ ሰው እንደሚለው፣ የትኛውን ልጅቷ እንደሠራችው በተሰባበረ እንግሊዝኛ አስረዳች። ከዚያ ዐረፍ አለችና ጠየቀች፦ «የእናንተ ትንንሽ ልጆች ‹ጎ›ን ላለፈ ጊዜ ምን ይሉታል?»

«‹ዌንት› ነው፤ እነሱ ግን ‹ጎ...›» ብላ ሚስ ሎሬይን አቋረጠች። «‹ጎውድ› ይላሉ!» ጉልበቷን መታችና ሣቀች። «ሁሉም! ማንም ሳይነግራቸው!»

«‹ምጪ› የእኛ ‹ጎውድ› ነው» አለች እታለማሁ። «እሱም ለአንዲት ሴት ነው። ዛሬ ሁለት ሰው አየች፤ ለሁለት አደረገችው። ይኼኛውን እስከ ዛሬ አላወጣችውም ነበር፤ እዚህ፣ አሁን ነው የሠራችው።»

ሚስ ሎሬይን ባዶው ዓምድ አልበቃ ብሏት ወረቀቱን ገልብጣ በጀርባው መጻፍ ጀመረች።

በሩ ተከፈተ። ሃኒ እያለከለከች፣ «ስትጮህ አየናት! ምን አለች?» አለች።

«‹ምጡ› አለቻችሁ።»

«‹ኑ› እኮ ነው የሚ...»

ሚስ ሎሬይን አማርኛው አልገባትም፤ የእርማት ድምፅ ግን በየትም አገር አንድ ነው። መዳፏን አነሣች። «እባክሽን አታርሚያት። አንቺ ትክክሉን ተናገሪ፤ እሷ ራሷ ትደርስበታለች።» ከዚያ አስቀመጠቻቸውና ነገረቻቸው። መናገሯ ዘግይቷል፤ እሷም በየሁለት ሳምንቱ እየመጣች ታያታለች። መስማቷና መረዳቷ ግን ሙሉ ነው። የሰሙትን ቃል የሚደግሙ ልጆች አሉ፤ ይህች ግን ቃል የሚወጣበትን መንገድ ራሱን አግኝታዋለች፤ ያገኘችውም በአማርኛ ነው። እሱን ዘግቶባት በሌላ እንድትጀምር ማድረግ የተሠራ ቤት አፍርሶ መሠረት እንደ መቆፈር ነው፤ ሁለት ቋንቋ ልጅ አያዘገይም።

«ለመሆኑ እናንተ ቤት ብዙ የምታወሩት በየትኛው ነው?» አለች።

ሃኒና ያሬድ ተያዩ። «ከቴሌቪዥኑ ጋር በእንግሊዝኛ፤» አለ ያሬድ፣ «ስንጣላ በአማርኛ።»

«እንግዲያው በምትጣሉበት አውሯት። እሱ ላይ ቃል አያጥራችሁም።»

ሃኒ ሣቀች። ሣቋ ረዘመና ወደ ልቅሶ ዞሮ ተመልሶ ሣቅ ሆነ። አፍንጫዋን ጠርጋ ወደ ባሏ ዞረች። «ደውልና የኅዳሩን ቦታ ካንስል አድርገው።»

ያን ቀን ሶሊን ይዘው ሲወጡ እታለማሁ መስኮቱ ላይ ቆማ አየቻቸው። ሃኒ ልጇን አዝላ ወደ ባስ ማቆሚያው ስትሄድ አፏ አላረፈም። የምትለው አይሰማም፤ ወንዙ እንደሞላ ግን ያስታውቃል። ሶሊ ጆሮዋን የእናቷ ጀርባ ላይ ለጥፋ ታዳምጣለች።

ከዚያ በኋላ የሆነውን ሁሉም ወላጅ ያውቀዋል። በጥር ሶሊ ሦስት ቃል አያያዘች፤ በፋሲካ ሰሞን እሷን ዝም ማሰኘት ነው ሥራ የሆነው። «ምጪ» ግን ቤቱ ውስጥ ቀረ። ሲላስ ሳይቀር ለመደው። ዓብዩማ ከእኅቱ ጋር የሚያወራው በሱ ሆነ፤ በየሳምንቱ ስልኩን አንሥታ «አቤት» ስትል «እሑድ ምጪ!» ብሎ ይዘጋዋል።

በ2011 ሶሊ አምስት ዓመት ተኩል ሲሆናት፣ ዓብዩ የልደቱን ቀን አስመልክቶ ሁሉንም አሌክሳንድሪያ ጠራቸው። ኬኩ ሲቆረስ ሶሊ በረንዳ ላይ ነበረች።

«ሶሊ!» አለ ዓብዩ ሳህኑን ይዞ። «ምጪ፣ ኬክ ብዪ!»

ሶሊ መጣች። ሳህኑን ግን አልተቀበለችውም። እጆቿን ወገቧ ላይ አድርጋ እንደ ካሮት ቁልቁል ያደገባትን ሰው ወደ ላይ አየችው።

«አባባ ዓብዩ፣ ‹ምጪ› የሚባል የለም። ‹ነይ› ነው።»

«እንዴ! ‹ምጪ› አይባልም?»

«ኖ! ‹አትምጪ› ይባላል፤ ‹ምጪ› አይባልም።» ከዚያ በእውነት አዝናለት፣ «ማን ነው ‹ምጪ› ብሎ ያስተማረህ?» አለችው።

ሃኒ ልትናገር አፏን ከፈተች። ያሬድ ጣሪያውን አየ። እታለማሁ ቀኝ እጇን በላት፤ ቦርሳዋ ውስጥ አስገብታ ደብተሯን ያዘችና ሳታወጣው ተወችው።

«ማንም፣» አለች። «ማንም አላስተማረውም።»